ስም የምትለቅሙ ጓደኞቼ፦ ጎንደር ላይ እስካሁን የደረስኩበት

የሰው ስምና ትርጉሙን መመዝገብ ከጀመርኩ ወዲህ ደብተሬ እየወፈረ ነው። እንደኔ በዚህ ነገር የተለከፋችሁ ጓደኞች ስለጠየቃችሁኝ ያገኘሁትን ላካፍላችሁ።

መጀመሪያ ላይ የምጽፈው ስሙንና ፍቺውን ብቻ ነበር። አሁን ሁለት ጥያቄ ጨምሬያለሁ። ስሙን ማን አወጣው? ያኔ ቤቱ ውስጥ ምን ነበር? ሥራው የጣፈጠኝ ከዚህ በኋላ ነው። የእኛ አገር ስም ብዙ ጊዜ ሙሉ ዓረፍተ ነገር ነው። ዓረፍተ ነገር ደግሞ ተናጋሪ አለው፣ የሚነገረው ሰው አለው።

«ጥላሁን» ለልጁ ለራሱ የተነገረ ነው። «ታከለ» ለዘመድ የተላከ ወሬ ነው፤ ቤተሰቡ በአንድ ሰው በዛ። «ማንያዘዋል» ልጁን አልፎ አጥር ማዶ ላለ ሰው የተወረወረ ይመስለኛል። «ስንታየሁ» ላይ የምትናገረው እናት ናት፤ ስንቱን እንዳየች የምታውቀው እሷ ብቻ ናት። «ቢያድግልኝ» ደግሞ ሳያልቅ የቀረ ልመና ነው። ብዙ ጊዜ ከፊቱ የሞቱ ልጆች አሉ። ይህን ስም ደብተሬ ላይ በጻፍኩ ቁጥር እጄ ይዘገያል።

«ምትኩ»ን ልብ ብላችሁ እዩት። መጨረሻ ላይ ያለችው «ኡ» የሌላ ሰው ናት። የማን ምትክ? ይህን ካልጠየቃችሁ ግማሹ ታሪክ ይቀራል። «ካሳ»፣ «ካሳሁን»፣ «ማስረሻ» ሁሉ እንዲህ ናቸው፤ ከጀርባቸው ብዙ ጊዜ አንድ የጠፋ ሰው አለ።

አንዲት ጎረቤታችንን የልጃቸው ስም ለምን ማስረሻ እንደሆነ ጠይቄያቸው ነበር። ስኒያቸውን ረከቦቱ ላይ መለስ አደረጉ። «ወንድሜ በሞተ በዓመቱ ተወለደ። አባቱ ነው ያወጣለት፣ ለቅሶው እንዲቀለኝ ብሎ» አሉኝ። ትንሽ ቆይተው ደግሞ፣ «አልረሳሁትም ልጄ። ግን የምጠራው ሰው አገኘሁ» አሉ። ፍቺውንማ ማንም ያውቀዋል። እኔ ግን ደብተሬ ላይ የጻፍኩት ይህን መልስ ነው።

ለምትጀምሩ አንድ ምክር፦ እንዲህ ያለውን ጥያቄ አቦል ላይ አታንሱት። ቶና ይምጣ፣ ከተቻለም በረካ ይጠበቅ። ወሬው ራሱ ወደዚያ ሲያመራ ሰው ሳይጨነቅ ይነግራችኋል።

ጎንደር ለዚህ ሥራ የታደለች ከተማ ናት። የቁስቋሟን እቴጌ ውሰዱ። የዓለም ስሟ ምንትዋብ ነው፤ ውበቷን ያየ ሰው የሚያወጣው የአድናቆት ድምፅ። የክርስትና ስሟ ወለተ ጊዮርጊስ። በ1723 ዓ.ም. ከልጇ ከዳግማዊ ኢያሱ ጋር ስትነግሥ ደግሞ ብርሃን ሞገሳ ተባለች። አንዱ ስም ለቤት፣ አንዱ ለቤተ ክርስቲያን፣ አንዱ ለዙፋን። አፄ ፋሲልም ዓለም ሰገድ ነበሩ፤ ልጃቸው ቀዳማዊ ዮሐንስ አእላፍ ሰገድ፣ የልጅ ልጃቸው ቀዳማዊ ኢያሱ አድያም ሰገድ። «ሰገደ» ከአባት ወደ ልጅ ወርዶ የሚሰግደው ብቻ ይለዋወጣል።

የክርስትና ስም እስካሁን ከሁሉ ይበልጥ ያስደነቀኝ ነው። ወንድ በአርባ፣ ሴት በሰማንያ ቀን ሲጠመቁ የሚሰጥ ነው። ለቍርባን፣ ለጸሎት፣ ለፍትሐት ይጠራል እንጂ መንገድ ላይ አይነገርም። ክፉ ሰው ይሠራበታል ብለው የሚደብቁትም አሉ። ድሮ በብራና የተጻፉ ክታቦችን አይታችሁ ከሆነ «ዕቀባ ለአመትከ» ይልና ከዚያ በኋላ ወለተ እገሊት ተብሎ የባለቤቷ ስም ይገባል። «አገልጋይህን ጠብቃት» ማለት ነው። ክታቡ ወደ ሌላ ሰው ሲተላለፍ የፊተኛው ስም ተፍቆ አዲሱ ይጻፍበታል። ጥበቃው የሚሠራው በስሙ ነዋ!

ከዚህ ወደ ሌላው ዓለም መሻገር ቀላል ሆነልኝ። «ገብረ እግዚአብሔር»ን ያዙ። አዲስ ዓለም ሰፈር ያሉ ሙስሊም ወገኖቻችን «ዐብደላህ» ይላሉ፤ ነቢዩ «አብድዩ»ም በዕብራይስጥ ያው ነው፤ የአምላክ አገልጋይ። «ብሩክ»፣ የዕብራይስጡ «ባሮክ»ና የአሜሪካው ፕሬዚዳንት «ባራክ» ከአንድ ሥር የበቀሉ ናቸው። «ቴዎድሮስ» በግሪክ የአምላክ ስጦታ ነው። ስላቮች «ቦግዳን»፣ ፋርሶች «ኮዳዳድ» ይላሉ፤ እኛም «ሀብተ ሥላሴ» ስንል ከዚያው ቤት ነን። የቋራው ካሳ በ1847 ዓ.ም. ደረስጌ ማርያም ላይ ቴዎድሮስ ተብሎ ሲነግሥ ከካሳነት ወደ ስጦታነት ተሻገረ ማለት ነው። ስሙን የመረጠው ግን ይህ ስም ያለው ንጉሥ ይመጣል የሚል ትንቢት ስለነበረ ነው። አፄ ዮሐንስ አራተኛም ከመንገሣቸው በፊት ካሳ ነበሩ።

ጋና ውስጥ አካኖች ልጅን በተወለደበት ቀን ይጠሩታል። ኮፊ የዓርብ ልጅ ነው። ኮፊ አናን የተወለዱት እ.ኤ.አ. ኤፕሪል 8 ቀን 1938፣ ዓርብ ቀን ነበር። «አናን» ደግሞ አራተኛ ልጅ ማለት ነው። የናይጄሪያ ዮሩባዎች መንታ ሲወለድ ቀድሞ የወጣውን ታይዎ፣ ተከትሎ የመጣውን ኬሂንዴ ይሉታል። ታላቁ ግን ኬሂንዴ ነው! ታናሹን «ውጣና ዓለምን ቅመስልኝ» ብሎ ልኮታል ይላሉ።

አይስላንድን ግን በጣም ወደድኳት። እንደኛው የአባት ስም እንጂ የቤተሰብ ስም የላቸውም ማለት ይቻላል። እ.ኤ.አ. ከ1980 እስከ 1996 ፕሬዚዳንት የነበሩት ቪግዲስ ፊንቦጋዶቲር «የፊንቦጊ ልጅ ቪግዲስ» ናቸው። የስልክ ማውጫቸው እንኳ የሚደረደረው በራስ ስም ነው። የውጭ አገር ፎርም ላይ «የቤተሰብ ስም» የሚል ሳጥን ገጥሟችሁ እስክሪብቶ ይዛችሁ ቆማችሁ የምታውቁ ይህ ይገባችኋል።

ይህ ሳጥን ቀላል ነገር አይደለም። ከወለቃና ከአካባቢው ወደ እስራኤል ከሄዱት ቤተ እስራኤላውያን ብዙዎቹ እዚያ ሲደርሱ የዕብራይስጥ ስም ተሰጥቷቸዋል። ከላይ እንዳልኩት ስሙ ውስጥ የእናት ድምፅ አለ። ጸሐፊ በአንድ መስመር ሲለውጠው የተቋረጠው ያ ድምፅ ነው። ከመካከላቸው የድሮ ስማቸውን መልሰው የያዙ እንዳሉ ስሰማ ከልቤ ደስ ይለኛል።

ቀጥሎ የፈረስ ስሞችን ልጀምር ነው። የቴዎድሮስ አባ ታጠቅ፣ የዮሐንስ አባ በዝብዝ፣ የምኒልክ አባ ዳኘው፣ የኃይለ ሥላሴ አባ ጠቅል። ታጠቅ፣ በዝብዝ፣ ዳኘው፣ ጠቅል፤ ሁሉም ትእዛዝ ናቸው። ከደምቢያ፣ ከወገራና ከደባርቅ በኩል ያላችሁ፣ አያቶቻችሁ የሚያነሱት የፈረስ ስም ካለ ላኩልኝ። ባለፈረሱ ማን እንደነበረና ስሙን ማን እንዳወጣለት አብራችሁ ጠይቁልኝ።