የጌም ላውንቸሮችን ከጀርባ ማስወጣት፦ እስካሁን የደረስኩበት

ጌም የምጫወተው ማታ ማታ ነው። ላውንቸሮቹ፣ ማለትም ጌም የምንገዛባቸውና የምንከፍትባቸው እንደ ስቲምና ኤፒክ ያሉ ፕሮግራሞች፣ ግን ጠዋት ኮምፒውተሩ ሲነሳ አብረው ይነሳሉ፤ ቀኑን ሙሉ ከሥራዬ ጋር ራምና ኢንተርኔት ሲሻሙ ይውላሉ። ሰሞኑን ይህን ነገር መስመር ለማስያዝ ተቀምጬ ነበር። የምፈልገው ብዙ አይደለም። ስፈልጋቸው ይከፈቱ፣ ስጨርስ ይዘጉ። ጠራርጌ ላጠፋቸው አልፈልግም፤ የገዛኋቸው ጌሞች በሙሉ እዚያው ናቸው። የምጠቀመው ዊንዶውስ 11 ነው፤ 10 ላይም አብዛኛው ነገር ያው ነው።

መጀመሪያ ማን ምን እየሠራ እንደሆነ ማየት ነው። ኮንትሮል፣ ሺፍት እና ኢስኬፕን አንድ ላይ ስትጫኑ ታስክ ማናጀር ይከፈታል። «ሜሞሪ» የሚለውን ርዕስ ክሊክ ስታደርጉት ብዙ ራም የያዘው ወደ ላይ ይወጣል። እስቲ ስቲምን በመስኮቱ ጥግ ባለችው ኤክስ (X) ዝጉትና ዝርዝሩን ተመልከቱ። ስሙ አሁንም አለ። ከጎኑ ያለችውን ቀስት ነክታችሁ ስትዘረጉት ደግሞ «ስቲም ዌብሄልፐር» የሚባሉ ፕሮሰሶች ተደርድረው ታገኛላችሁ። የኤፒክ ላውንቸርም «ኤፒክ ዌብሄልፐር» የሚባል አለው። ነገሩ ወዲህ ነው፦ ሱቁም፣ የጓደኞች ዝርዝሩም፣ ዜናውም በውስጡ ድረ ገጽ ነው። ስቲም ያንን የሚያሳየው ጉግል ክሮም በተሠራበት በክሮሚየም ነው። ስለዚህ ላውንቸር ከጀርባ አለ ማለት ሁለተኛ ብራውዘር ሳትፈልጉት ተከፍቶ ይውላል ማለት ነው።

እዚህ ላይ ግን ማጋነን አልወድም። «ይህችን አጥፉና ኤፍፒኤሳችሁ (ጌሙ በሰከንድ የሚያሳየው የምስል ብዛት) እጥፍ ይሆናል» የሚሉ ቪዲዮዎች ሞልተዋል። ዝም ብሎ የተቀመጠ ላውንቸር ሲፒዩ ብዙም አይነካም። 16 ጊጋ ራም ያለው ሰው ጌም ውስጥ ልዩነቱን ላያየው ይችላል። 8 ጊጋ ላይ፣ በተለይ ብራውዘርም ከተከፈተ፣ በደንብ ይታወቃል። ለእኔ ትልቁ ጥቅም የመጣው ከሌላ ቦታ ነው። ኮምፒውተሩ ሲነሳ ቶሎ ለሥራ ዝግጁ ይሆናል፤ የቪዲዮ ስብሰባ ላይ እያለሁም ማንም ሳያስፈቅደኝ አፕዴት ማውረድ አይጀምርም።

ስገባበት የገባኝ፣ «ከጀርባ ይሠራል» የምንለው ነገር አንድ አለመሆኑ ነው። ኤክስ ሲጫኑት የማይዘጋ አለ። ኮምፒውተሩ ሲነሳ አብሮ የሚነሳ አለ። መስኮትም አይከንም የሌለው ሰርቪስ አለ። የእናንተ የትኛው እንደሆነ ሳትለዩ አንዱን ብቻ ብታጠፉ «አጥፍቼው ተመልሶ መጣ» ትላላችሁ። አልተመለሰም፤ ሌላኛው ነው።

የኤክሱ ቀላል ነው። ሰዓቱ አጠገብ ወደ ላይ የምታመለክት ትንሽ ቀስት አለች። ስትነኳት የተደበቁት አይከኖች ይወጣሉ፤ ቦታው ሲስተም ትሬይ ይባላል። ላውንቸሩ ላይ ራይት ክሊክ አድርጋችሁ «ኤግዚት» ወይም «ኩዊት» ስትሉት በትክክል ይዘጋል። ኤፒክ ላይ «ሚኒማይዝ ቱ ሲስተም ትሬይ» የሚለውን ምልክት ካነሳችሁለት ኤክሱም ይዘጋዋል። ከሁሉም ደስ ያለኝ የባትል ዶት ኔት፣ የብሊዛርድ ላውንቸር፣ ነው፤ ኤክስ ስትጫኑ ምን እንዲያደርግ ያስመርጣችኋል፣ ጌሙ ሲከፈት ራሱ ሙሉ በሙሉ እንዲወጣም ማዘዝ ይቻላል። ስቲም እንዲህ ያለ ምርጫ የለውም። ከትሬዩ ወይም ከራሱ ሜኑ «ኤግዚት» ማለት የግድ ነው።

ቀጥሎ ስታርትአፕ፣ ኮምፒውተሩ ሲነሳ አብረው የሚነሱት። ብዙ ሰው በቀጥታ ወደ ታስክ ማናጀር ሄዶ «ስታርትአፕ አፕስ» ውስጥ ዲሴብል ያደርጋል። ይሠራል። እኔ ግን ከላውንቸሩ የራሱ ሴቲንግ ብትጀምሩ እመርጣለሁ። ስቲም ላይ ሴቲንግስ፣ ከዚያ ኢንተርፌስ ስትገቡ ኮምፒውተሩ ሲነሳ ስቲም ይነሳ የሚለውን ታገኛላችሁ። ኤፒክም ሴቲንግሱ ውስጥ ተመሳሳይ ምልክት አለው። ልዩነቱ ምንድን ነው? ታስክ ማናጀር ላይ ዲሴብል ስታደርጉ ዊንዶውስ ያንን የሚይዘው በራሱ መዝገብ ነው። ላውንቸሩ የጻፈው ትእዛዝ ግን ቦታው ላይ እንዳለ ይቀራል። ከሴቲንጉ ስታጠፉት ደግሞ ትእዛዙን ራሱ ያነሳዋል። አሁን ሁለቱንም አያለሁ፤ መጀመሪያ ከሴቲንጉ አጠፋለሁ፣ ከዚያ ዝርዝሩ ላይ መጥፋቱን አረጋግጣለሁ። ከምጠቀምባቸው አንዱ፣ ስሙ ይቅር፣ ትልቅ አፕዴት ባገኘ ቁጥር ምልክቱን መልሶ ያበራዋል። ለእሱ የታስክ ማናጀሩ ቁልፍ እንደ መጠባበቂያ ይጠቅማል።

እዚያው «ስታርትአፕ ኢምፓክት» የሚል ዓምድ አለ። «ሃይ» የሚለውን አይታችሁ አትደንግጡ። አንድ ፕሮግራም ሲነሳ ከ1 ሰከንድ በላይ የሲፒዩ ጊዜ ከወሰደ ወይም ከ3 ሜጋባይት በላይ ከዲስክ ካነበበና ከጻፈ «ሃይ» ይባላል። ዛሬ 3 ሜጋ ምን አላት? ላውንቸር ሆኖ ከዚህ በታች የሚሆን ማግኘት ከባድ ነው።

የለፋሁት አንዱ ላውንቸር ላይ ነው። ከሴቲንጉ ጠፍቷል። ታስክ ማናጀር ላይ ዲሴብል ነው። ሪስታርት ሳደርግ ግን ቁጭ ብሎ ይጠብቀኛል። የጀመርኩት ከአውቶራንስ ነው። አውቶራንስ የሲስኢንተርናልስ ፕሮግራም ነው፤ ማይክሮሶፍት በ2006 ከገዛቸው በኋላም በነፃ ነው የሚሰጠው። ከሬጅስትሪ (የዊንዶውስ የሴቲንግ መዝገብ)፣ ከታስክ ስኬጁለር (ሥራን በሰዓቱ የሚያስጀምረው)፣ ከሰርቪስ፣ አውቶማቲክ የሚነሳ ነገር ሁሉ አንድ ቦታ ላይ ያሳያል። የማይክሮሶፍትን የሚደብቀውን ምርጫ አብሩ፤ አለበለዚያ ዝርዝሩ ራስ ያዞራል። ምልክቱን ብቻ አንሱ፣ ዲሊት አታድርጉ። ምልክቱን መመለስ ቀላል ነው፣ የተሰረዘውን መመለስ ግን ጣጣ አለው።

የእኔ ግን እዚያም የለም። የተገኘው የዊንዶውስ አካውንት ሴቲንግ ውስጥ ነው። ሴቲንግስ፣ አካውንትስ፣ «ሳይን ኢን ኦፕሽንስ» ውስጥ ወደ ታች ስትወርዱ፣ ስትወጡ ክፍት የነበሩ አፖችን አስታውሶ ተመልሳችሁ ስትገቡ የሚከፍት ማብሪያ አለ። «ሪስታርተብል አፕስ» ይላቸዋል። ላውንቸሩ ትሬይ ውስጥ እንዳለ ሪስታርት ሳደርግ ዊንዶውስ ራሱ መልሶ ይከፍትልኝ ነበር። ማብሪያውን አጠፋሁት፣ ነገሩም አበቃ። ስታርትአፕ አጥፍቶ ለሰለቸው ሰው መጀመሪያ የምነግረው ይህንን ነው። ኤጅና ክሮምንም መልሶ የሚከፍትላችሁ ይሄው ሊሆን ይችላል።

ሰርቪሶቹን በአጭሩ። ስታርት ሜኑ ላይ «ሰርቪስስ» ብላችሁ ስትጽፉ ዝርዝሩ ይከፈታል። ስቲም፣ ኤፒክ፣ ኢኤ ሁሉም የየራሳቸው አላቸው። «አውቶማቲክ» የሚለውን ወደ «ማኑዋል» መለወጥ ይበቃል። «ዲሴብልድ» ካላችሁት ላውንቸሩ ሲፈልገው ያጣዋል፤ ከዚያ ስህተት ያሳያል ወይም ልጠግነው ይላችኋል። የስቲሙ ድሮም ማኑዋል ስለሆነ አትንኩት። ሰርቪስ ነክታችሁ ስትፈትኑ ሻትዳውን ሳይሆን ሪስታርት አድርጉ። «ፋስት ስታርትአፕ» ከበራ ሻትዳውን የሲስተሙን እምብርት ዲስክ ላይ አስቀምጦ በማግሥቱ ያንኑ ያነሳዋል። ሪስታርት ግን ከዜሮ ይጀምራል።

ቫሎራንት የምትጫወቱ፣ ቫንጋርድ ከዚህ ሁሉ ውጪ ነው። ላውንቸር አይደለም፤ የማጭበርበር መከላከያ ነው፣ ከሲስተሙ ጋር አብሮ እንዲነሳ ሆኖ የተሠራ። ከትሬዩ ማስወጣት ይቻላል፣ ግን ጌሙን ለመክፈት መልሳችሁ ሪስታርት ማድረግ አለባችሁ። ታገሱት ወይም ከነጭራሹ አንሱት፤ መሃል የለውም።

አንድ ማስጠንቀቂያ አለኝ፣ ይህን በደንብ ያዙልኝ። ጌሙን እንደዘጋችሁ ላውንቸሩ ላይ አትዝመቱበት። ሴቫችሁን፣ ማለትም ጌሙ ውስጥ የደረሳችሁበትን፣ ወደ ክላውድ የሚሰቅለው ልክ ያን ጊዜ ነው። ስቲም ላይ የጌሙ ገጽ ላይ «ክላውድ ስታተስ» አለ፤ ሰቅሎ ሲጨርስ ይነግራችኋል። እስኪጨርስ ጠብቁና ውጡ። «ኤንድ ታስክ»ም የመጨረሻ አማራጭ ይሁን፤ አፕዴት እያወረደ ወይም እየጻፈ ከሆነ የጌሙ ፋይል ሊበላሽ ይችላል።

የምታጡትም ነገር አለ። ላውንቸሩ ከጠፋ ጌሙ በራሱ አፕዴት አይሆንም። ጓደኞቻችሁ «ግባ እንጂ!» እያሉ ሲጠሩ የ20 ጊጋ አፕዴት ሊጠብቃችሁ ይችላል። እኔ ከመጫወቴ በፊት ቀደም ብዬ ሆን ብዬ እከፍተዋለሁ፣ የሚያወርደውን ያውርድ። ብዙ ለማልነካቸው ጌሞች ስቲም ላይ ስከፍታቸው ብቻ አፕዴት ይሁኑ ብያለሁ። ጂኦጂ ከሚባለው የጌም ሱቅ የተገዙት ግን እፎይ ናቸው፤ ላውንቸሩ ጋላክሲ ሳይከፈትም መነሳት ይችላሉ።

አሁን እየተጠቀምኩባት ያለች ትንሽ ነገር ላሳያችሁ። የስቲምን ሾርትከት ኮፒ አድርጉ፣ ራይት ክሊክ፣ «ፕሮፐርቲስ»። «ታርጌት» የሚለው ሳጥን ውስጥ መንገዱ በትእምርተ ጥቅስ ተዘግቶ ታገኙታላችሁ። ከጥቅሱ ውጪ አንድ ባዶ ቦታ ተዉ፣ ሰረዝ፣ ከዚያ «ሻትዳውን» የሚለውን በእንግሊዝኛ ፊደል ጻፉና ሴቭ አድርጉ። ይህን ሾርትከት ስትጫኑት ስቲም በሥርዓቱ ራሱን ይዘጋል። እንደ «ኤንድ ታስክ» አንቆ አይገድለውም። እኔ ታስክባር ላይ ፒን አድርጌዋለሁ።

የቀረኝ የኤክስቦክስ አፕ ነው። የስታርትአፕ ማብሪያውን አጥፍቻለሁ፤ «ኢንስቶልድ አፕስ» ውስጥ «አድቫንስድ ኦፕሽንስ» ገብቼም የባክግራውንድ ፈቃዱን «ኔቨር» አድርጌዋለሁ። «ጌሚንግ ሰርቪስስ» የሚባለውን ግን ገና አልነካሁትም፤ የጌም ፓስ (የማይክሮሶፍት የጌም ደንበኝነት) ጌሞች እሱን ስለሚፈልጉ እጄን ሰብስቤ ተቀምጫለሁ። ማኑዋል አድርጋችሁት ጌሞቹ ያለችግር የተነሱላችሁ ካላችሁ ጻፉልኝ፤ ቀጥሎ የምሞክረው እሱን ነው።