ግራዬና ቀኜ

ራሴን በቪዲዮ ልሠራ ስነሳ ቀላል መስሎኝ ነበር። ስልክ አለ፣ ፊት አለ፣ ሌላ ምን ይፈለጋል? የመጀመሪያዎቹ ሦስት ቀናት ግን ዜና አንባቢ ሆኜ አለፉ። ካሜራው ሲበራ ድምፄ ይወፍራል፣ አንገቴ ይገተራል። «ጤና ይስጥልኝ» ማለት ብቻ ነው የቀረኝ። ተናድጄ ሁሉንም አጠፋሁት። ዛሬ ይቆጨኛል።

በአራተኛው ቀን ዝም ለማለት ወሰንኩ። የእማዬን ነጠላ ለብሼ ነጭ ግድግዳ ተደግፌ ተቀመጥኩ። ነጠላው አምሮበታል፤ እኔ ግን ጥላ ሆኛለሁ። ካሜራ በራሱ ብርሃን ሲለካ የሚያየውን ሁሉ ወደ መካከለኛ ግራጫ ለማምጣት ይሞክራል። ነጭ ሲበዛበት ያጨልማል። ዕዳውን የሚከፍለው ፊት ነው፣ በተለይ እንደኔ ጠየም ያለ። መፍትሔው ስክሪኑ ላይ ፊቴ ያለበትን ቦታ ጫን ብዬ ልኬቱን መቆለፍ፣ ከዚያ ብርሃኑን ከፍ ማድረግ ሆነ። የነጠላው ሽመና ትንሽ ነጣ። ይንጣ!

ዋናው ነገር የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። በፊት ካሜራ ስቀርጽ ስክሪኑ እንደ መስታወት ነው የሚያሳየኝ። የተቀረጸውን ስከፍተው ግን የግራ ቅንድቤ ላይ ያለችው ጠባሳ ወደ ሌላው ጎን ተሻግራለች። ፊቴም ጠመም ያለ መሰለኝ። ስልኩ ነው ያበላሸኝ ብዬ ካፕካት በሚባለው የቪዲዮ ማቀናበሪያ መተግበሪያ ላይ ግራና ቀኙን ገለበጥኩትና «አስተካከልኩት»።

እማዬ ቡና እያፈላች ነበር። አሳየኋት።

«ማናት ደሞ እቺ?»

«እኔ ነኛ!»

«አንቺማ አይደለሽም። እህት ብትኖርሽ እንዲህ ትሆን ነበር።»

ያልተገለበጠውን ከፈትኩላት። «እንዲህ በይ እንጂ» አለችና ወደ ጀበናዋ ዞረች።

እኔ ዕድሜዬን ሙሉ የማውቀው የመስታወቱን ፊት ኖሯል። እሷ የምታውቀው ሌላውን ነው።

ያኔ ጆአን ጆናስ ትዝ አለችኝ። አሜሪካዊቷ አርቲስት እ.ኤ.አ. በ1972 በሠራችው ቪዲዮ ምስሉ ሳያቋርጥ እየተንከባለለ ሰውነቷን ይቆራርጠዋል። ልጅ ሳለን ቴሌቪዥኑን በጥፊ የምንልበት ዓይነት ብልሽት ነው። እሷ አላስተካከለችውም፤ ሥራው ራሱ እሱ ሆነ። እኔም ማስተካከሌን ተውኩ።

እንደገና ቀረጽኩ። በዚህኛው ዙር ዓይኔ ወደ ራሴ እንዳይሸሽ ስክሪኑን በወረቀት ሸፈንኩት። ዜና አንባቢዋ የጠፋችው ያኔ ነው። የሰባት ደቂቃውን ቪዲዮ አንዱን እንዳለ፣ አንዱን ገልብጬ በሁለት ፍላሽ ጫንኩ። ሁለተኛ ቴሌቪዥን ከጎረቤት ተዋስኩና ሳሎናችን ውስጥ ጎን ለጎን አስቀመጥኳቸው። ዘመድ ጓደኛ ተጠራ። የትኛው የትኛው እንደሆነ ለማንም አልተናገርኩም። ያጠፋኋቸው ቢኖሩ ሦስተኛ ቴሌቪዥን እለምን ነበር።

ሰዉ ሁሉ ወንበሩን እየሳበ ወደ አንደኛው ተጠጋ። እኔ ሳላስበው ሌላኛው ፊት ቆሜ ራሴን አገኘሁት። እማዬ ሰባቱንም ደቂቃ ሳትነቃነቅ አየች። ሲያልቅ ዞር ብላ፣ «ነጠላዬን መቼ ነው የምትመልሺው?» አለችኝ።