ድሬ ላይ ስብሰባ ለመጥራት ያየሁት አበሳ

የተቃዋሚ ፓርቲ አባል ነኝ። ለዓመታት የታገልኩት ድሬዳዋ ዙሪያ ባሉ የገጠር ቀበሌዎች ያለውን ያለዕድሜ ጋብቻ ነው። ሕጉ አለ። ከ1992 ጀምሮ በእኛ ከተማም የሚሠራው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ፣ ጋብቻው በሃይማኖትም ይሁን በባህል፣ ፍትሕ ሚኒስትሩ በከባድ ምክንያት ልዩ ፈቃድ ካልሰጠ በቀር ከ18 ዓመት በታች አይፈቅድም። የልጅቷን ዕድሜ ማን ያረጋግጣል ነው ጥያቄው። የልደት ምዝገባ በአገር ደረጃ የተጀመረው ገና በ2008 ነው። ከዚያ በፊት የተወለደች ልጅ ዕድሜዋን የሚናገርላት ሊድራት የቸኮለው ቤተሰብ ራሱ ነው። ስለዚህ ኒካ (የእስልምና ጋብቻ ውል) ከመታሰሩ በፊት የክትባት ካርድ ወይም የትምህርት ቤት መዝገብ ይታይ አልን።

ፊርማ አሰባሰብን፣ እናቶችን አነጋገርን። ይሄ አላስቸገረንም።

ያቃጠለኝ ስብሰባው ነው። ስለ ሰላማዊ ሰልፍና ሕዝባዊ የፖለቲካ ስብሰባ የወጣው አዋጅ ቁጥር 3/1983 የሚለው ከ48 ሰዓት በፊት በጽሑፍ አሳውቁ ነው። ዓላማውን፣ ቦታውን፣ ቀንና ሰዓቱን፣ የአዘጋጁን ስምና ፊርማ ጽፈን ወደ ከተማው አስተዳደር ቢሮ ሄድን። መዝገብ ቤት ያለችው ልጅ አልቀበልም አለች። «ፈቃዳችሁ የታለ?» ማሳወቅ እንጂ ማስፈቀድ አይጠበቅብንም አልኩ። «ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው፣ ነገ ኑ።» ነገም ስብሰባ ላይ ናቸው። የአዳራሹ ሰዎች ደግሞ ከቢሮው ደብዳቤ አምጡ አሉን። ቢሮው መልሶ መጀመሪያ የአዳራሽ ውል አሳዩ አለ። አቦ፣ ሰው እንዴት እንዲህ ይጉላላል? ስንት ነገር ችለን ስናበቃ በቀጠሮው ጠዋት አዳራሹ ተቆልፎ ጠበቀን። ጥበቃው «በስልክ ተነገረኝ» አለ። ማን እንደደወለ እስከ ዛሬ የነገረኝ የለም። ከገጠር በእግራቸው የመጡ እናቶች ፀሐይ ላይ ቆመው ነበር። ይሄን ይቅር አልልም።

እናንተም ስብሰባ ስትጠሩ ቢሮ ውስጥ «በቃል ተስማምተን እንጨርሰው» ይሏችኋል። እሺ እንዳትሉ። ወደ ሌላ ቦታ ወይም ጊዜ ሊያዛውሩት ከፈለጉ ምክንያቱን በጽሑፍ መስጠት ግዴታቸው ነው። ደብዳቤውን በሁለት ኮፒ አዘጋጁ፣ አንዱ ላይ ገቢ አስደርጉ። እምቢ ካሉ በፖስታ ቤት በአደራ ላኩት፣ ደረሰኙን ያዙ። በመጨረሻ አዳራሹን ያስከፈተልን ያ ደረሰኝ ነው።

ስብሰባውን ጠዋት አድርጉት። ከምሳ በኋላ ሙቀቱም አለ፣ ጫቱም አለ፣ ሰው አይመጣም። ኦሮምኛና ሶማሊኛ የሚያስተረጉም ይኑር። መድረኩን ለክብር እንግዶች ከመስጠታችሁ በፊት እናቶቹ ይናገሩ። በእኛ ስብሰባ እነሱን የሰሙ አንድ ሼህ አሁን ካርድ ሳያዩ ኒካ አያስሩም። ኮርቼባቸዋለሁ። ሌሎቹ ቀበሌዎች ይቀሩናል።