ኅዳጉ ላይ ያለው "ወይ ጉድ!"

የተዋስኩትን የባሕር ጦርነት መጽሐፍ ዛሬ ጨረስኩ። አእምሮዬ ውስጥ የቀረው ግን ከእኔ በፊት ያነበበው ሰው በእርሳስ ኅዳጉ ላይ የጻፈው "ወይ ጉድ!" ነው።

የጻፈው የአቴናው የጦር መሪ የቴሚስቶክሊስ ታሪክ ጋ ነው። ቴሚስቶክሊስ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ480 የፋርሱን ንጉሥ የዜርክሲስን መርከቦች ግሪክ ውስጥ ባለው የሳላሚስ ጠባብ ባሕር አስገብቶ እርስ በርስ አላተማቸው። (ጠባብ ቦታ ላይ ብዛት ሸክም ነው።) ዓመታት አለፉ። ያዳናቸው አቴናውያን ስሙን በሸክላ ስባሪ ላይ ጭረው በድምፅ አባረሩት። ሲንከራተት ቆይቶ የት ቢገባ ጥሩ ነው? ፋርስ! ዙፋኑ ላይ እሱ ድል የነሳው የዜርክሲስ ልጅ ተቀምጧል። ልጁም ተቀበለው፤ የማግኔዝያን ከተማ ለዳቦው፣ የላምፕሳኮስን ከተማ ለወይኑ ሰጠው።

"ወይ ጉድ!" ሁለት ጊዜ ተሰምሮበታል፤ እርሳሱ ወረቀቱን ሊበሳው ምንም አልቀረው።

የመርከብ መጽሐፍ የምወደው ለዚህ ይመስለኛል። የብስ ላይ ሰው ሲወድቅ "የራሱ ጥፋት ነው" ለማለት እንቸኩላለን፤ ባሕር ላይ ሲሆን ነፋሱ ዞረበት እንላለን። ቴሚስቶክሊስን የጣለው ነፋስ ይሁን ምላሱ እንጃ።

መጽሐፉን ነገ እመልሳለሁ። ከ"ወይ ጉድ!" ሥር እኔም ትንሽ ጭሬበታለሁ፤ ባለቤቱ እስኪያየው ድረስ ዝም ነው።