ከመድኃኔዓለም አገር የመጡት እናት

በዋሽንግተን አቅራቢያ በምትገኘው ሲልቨር ስፕሪንግ፣ በአንድ ሆቴል ወጥ ቤት ውስጥ አትክልትና ፍራፍሬ በመክተፍ ሥራ ስጀምር፣ ከጎኔ ቆመው ሽንኩርት የሚልጡት እናት የየት አገር ሰው እንደሆኑ ለማወቅ ሁለት ወር ያህል ፈጅቶብኛል። የእኔ እንግሊዝኛ ገና አፉን አልፈታም ነበር፤ የእሳቸውም ከእኔ ብዙ አይሻልም። ከዋናው አብሳይ እስከ ዕቃ አጣቢው ድረስ ሁሉም ሰው «ኒኛ» ብሎ ስማቸውን ያስከትላል። ኒኛ በስፓኒሽ ትንሽ ልጅ ማለት እንደሆነ ሰምቼ ስለነበር፣ ወደ ስድሳ የሚጠጉ ሴት ለምን እንዲህ እንደሚጠሩ አልገባኝም ነበር። በኋላ እንዳስረዱኝ፣ በአገራቸው በዕድሜ ከፍ ያለች ሴት በስሟ ብቻ አትጠራም፤ እኛ «እትዬ» እንደምንለው እነሱ «ኒኛ» ይላሉ። እኔን ደግሞ «ሚሃ» ይሉኝ ነበር፤ ልጄ ማለት ነው። እዚህም ስማቸውን ትቼ ኒኛ እያልሁ እቀጥላለሁ።

ሥራ በጀመርሁበት ዓመት ኦገስት 5 እና 6 ላይ ፈቃድ ጠየቁ። ታመውም ቢሆን ከሥራ የማይቀሩ ሰው ስለነበሩ ምክንያቱን ጠየቅኋቸው። የአገራቸው በዓል እንደሆነና በዓሉና አገሪቱ አንድ ስም እንዳላቸው ነገሩኝ። ኤል ሳልቫዶር «አዳኙ» ማለት ሲሆን፣ በዓሉ የሚከበርለት ሙሉ ስያሜ ደግሞ ኤል ሳልቫዶር ዴል ሙንዶ፣ የዓለም አዳኝ፣ ነው። የቦሌ መድኃኔዓለምን ደጅ እየተሳለምሁ ያደግሁ ሰው ይህን ስሰማ የያዝሁትን ቢላ አስቀመጥሁ። እስከዚያች ዕለት ድረስ በዜና ከወንበዴና ከእስር ቤት ጋር ብቻ ስሟን የማውቃት አገር፣ መድኃኔዓለም የምትባል አገር ኖራለች።

በዋና ከተማዋ በሳን ሳልቫዶር ኦገስት 5 ቀን ከሰዓት በኋላ የሚሆነውን ኒኛ በእጃቸው እያሳዩ ተረኩልኝ። የጌታ ምስል በከፍታ ቆሞ በሕዝብ መካከል ካለፈ በኋላ ካቴድራሉ ፊት ለፊት ሲደርስ፣ ዓለምን በሚወክል ትልቅ ክብ ሉል ውስጥ ዝቅ ብሎ ይሰወራል፤ ጥቂት ቆይቶም ነጭ ልብስ ለብሶ ይወጣል። በዚያች ቅጽበት አደባባዩ በጩኸትና በጭብጨባ ይናወጣል። ይህ በታቦር ተራራ ልብሱ እንደ ብርሃን ነጭ የሆነበት ቀን ነው፤ ማለትም የእኛው ደብረ ታቦር፣ ቡሄ። እነሱ በጎርጎርዮስ አቆጣጠር ኦገስት 6 ያከብሩታል፤ እኛ የምናከብረው ነሐሴ 13 ደግሞ በጥንቱ በዩልዮስ አቆጣጠር ያው ኦገስት 6 ነው፤ የአሥራ ሦስቱ ቀን ልዩነት የዘመን አቆጣጠር ጉዳይ ብቻ ነው። ስለ ጅራፉ፣ ስለ ችቦውና ስለ ሙልሙሉ ስነግራቸው ደጋግመው እንድነግራቸው ጠየቁኝ፤ በሁለተኛው ሳምንት ከቤቴ ዳቦ ይዤላቸው ሄድሁ።

ከዚያ በኋላ የአገራቸውን ታሪክ በየእረፍት ሰዓቱ ከእሳቸው አፍ፣ ማታ ማታ ደግሞ ከቤተ መጻሕፍት እየተዋስሁ መማር ጀመርሁ። ኤል ሳልቫዶር ከመካከለኛው አሜሪካ አገሮች ሁሉ ትንሿ ናት፤ ስፋቷ 21 ሺህ ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ስለሆነ ኢትዮጵያ ውስጥ ከሃምሳ ጊዜ በላይ ትገባለች። ከአካባቢው አገሮች የካሪቢያን ባሕር ያልደረሰባት እሷ ብቻ ነች፤ ያላት የሰላማዊ ውቅያኖስ ዳርቻ፣ የእሳተ ገሞራ ተራሮችና በእነሱ አመድ የለማ መሬት ነው። ስፔናዊው ፔድሮ ዴ አልቫራዶ በ1524 (የምጠቅሳቸው ዓመታት ካልተለየ በስተቀር እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ወታደሮቹን አስከትሎ ሲመጣ፣ ምዕራቡን ክፍል ፒፒል የሚባሉ ሕዝቦች «ኩስካትላን» ብለው ይኖሩበት ነበር፤ ቋንቋቸውም ናዋት ይባላል። እኛ ዛሬ ቲማቲምና አቮካዶ የምንላቸው ቃላት ሥራቸው የናዋት እኅት ከሆነው ከሜክሲኮው ናዋትል መሆኑን ሳውቅ፣ በየቀኑ የምከትፈው ነገር ስም ከእነዚያ ሰዎች ዘመዶች አፍ የወጣ መሆኑ ገርሞኛል።

የአገሪቱ እንጀራ ፑፑሳ ነው። ኒኛ እሑድ ጠዋት ሥራ ሳይበዛ በፊት ለእኛ ለሠራተኞቹ ይጋግሩ ነበር። የበቆሎውን ሊጥ በውኃና በዘይት በራሰ መዳፋቸው ያድበለብሉና መሃሉን በአውራ ጣታቸው ያጎደጉዳሉ፤ ተቀቅሎ የተፈጨ ቦሎቄና አይብ፣ ሲገኝም ሎሮኮ የሚባለውን አረንጓዴ የአበባ እምቡጥ ጨምረው አፉን ይገጥሙታል። ከዚያ ከአንዱ መዳፍ ወደ ሌላው እያገላበጡ ጠፍ ጠፍ ሲያደርጉት ሊጡ እየዞረ ይሰፋል፤ ድምፁ ከወጥ ቤቱ በር ውጭ ይሰማል። አይቡ በአንድ በኩል አፈትልኮ ምጣዱ ላይ ሲቃጠል ያንን የከረረ ጠርዝ ለእኔ ያስቀምጡልኝ ነበር። ከጎኑ በኮምጣጤ የተቀመመ ጥቅል ጎመንና ካሮት፣ ኩርቲዶ የሚሉት፣ ይቀርባል፤ የሚበላውም በእጅ ነው። ብዙ ሰው የአሳማ ሥጋ ይጨምርበታል፤ እኔ እንደማልበላ ካወቁ በኋላ የእኔን ለብቻ፣ በጾም ጊዜ ደግሞ ያለ አይብ በቦሎቄ ብቻ ያዘጋጁልኝ ነበር። የአገራቸው ምክር ቤት በ2005 ፑፑሳን ብሔራዊ ምግብ ብሎ እንደደነገገና የኖቬምበር ሁለተኛው እሑድ ቀኑ እንደሆነ ሲነግሩኝ በኩራት ነበር።

የዚህ ምግብ ባህል ምን ያህል ሥር የሰደደ እንደሆነ ለማወቅ በዚያው አገር ስለሚገኘው ሆያ ዴ ሴሬን ስለተባለው ስፍራ ማንበብ ይበቃል። በ600 ዓ.ም. ገደማ በአጠገቡ ያለ እሳተ ገሞራ ድንገት ፈንድቶ አንድ የገበሬ መንደርን እንዳለ በአመድ ቀበረው፤ በ1976 የእህል ጎተራ ሊሠራ መሬት ሲደለደል የግንባታ መኪናው ቤቶቹን ገለጣቸው። ከ1993 ጀምሮ በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል። የነገሥታት መቃብርና ቤተ መንግሥት የትም አገር ይገኛል፤ እዚህ የተገኘው ግን የድሃ ጓዳ ነው፦ በእንስራ የተቀመጠ ቦሎቄ፣ የወፍጮ ድንጋይ፣ በማሳው ላይ የቆመ በቆሎ። የሰው አስከሬን አልተገኘም፤ ሰዎቹ እራታቸውን ጥለው ሸሽተዋል። በዚያን ሰሞን ከሰሜን ኢትዮጵያ ቤታቸውን ጥለው የወጡ ዘመዶቼን ወሬ እየሰማሁ ስለነበር ይህን ገጽ አንብቤ ለመጨረስ ተቸግሬያለሁ።

የቀረው ታሪክ የመጣው በቡና በኩል ነው። አንድ ቅዳሜ ኒኛን ቤቴ ጠርቼ ቡና አፈላሁላቸው። የቆላሁትን ይዤ ጭሱን ሳቀርብላቸው ዓይናቸውን ጨፍነው ብዙ ቆዩ። ከዚያ በልጅነታቸው ናዊሳልኮ ከምትባል የምዕራብ ከተማ አቅራቢያ ከእናታቸው ጋር ቡና ይለቅሙ እንደነበር፣ ቅርጫቱ ከወገባቸው ታስሮ ቀኑን ሙሉ ለቅመው ማታ በሚዛን ልክ እንደሚከፈላቸው ነገሩኝ። ጥሩው ቡና ወደ ውጭ ይላካል፤ እነሱ ቤት የሚፈላው የተበጠረው ብጣሪ ነበር። የተቆላ ቡና እንዲህ እንደሚሸት ያወቁት አሜሪካ ከመጡ በኋላ ነው።

ያች የቡና ፍሬ ከእኛ አገር ተነሥታ በየመን በኩል ዓለምን ዞራ እነሱ ዘንድ ስትደርስ ይዛ የሄደችውን መዘዝ አላውቅም ነበር። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ፣ ለማቅለሚያ የሚሸጡት ኒል ገበያ ሲያጣ መንግሥት ፊቱን ወደ ቡና አዞረ። ለቡና የሚስማማው ደጋማ መሬት ግን የነባር ሕዝቦች የጋራ ይዞታ ነበር። በ1881 እና በ1882 የወጡ ሕጎች የጋራ መሬትን ሻሩት፤ መሬቱ በጥቂት ቤተሰቦች እጅ ገባና ባለቤቱ በገዛ ማሳው ለቃሚ ሆነ። «መሬት ላራሹ» ሲባል እየሰማን ላደግን ሰዎች ይህ ተጨማሪ ማብራሪያ አያስፈልገውም። በ1929 የዓለም ገበያ ወድቆ የቡና ዋጋ ሲያሽቆለቁል ደመወዙም አብሮ ወረደ፤ በጃንዋሪ 1932 የምዕራቡ ገበሬዎች፣ አብዛኞቹ ቆንጨራ ብቻ ይዘው፣ ተነሡ። በመፈንቅለ መንግሥት ሥልጣን የያዘው ጄኔራል ማክሲሚሊያኖ ኤርናንዴስ ማርቲኔስ አመፁን በጥቂት ቀናት ውስጥ አፈነው፤ ግድያው ግን ለሳምንታት ቀጠለ። የታሪክ ጸሐፊዎች የሟቾቹን ቁጥር ከ10 ሺህ እስከ 30 ሺህና ከዚያም በላይ ይገምታሉ። ስሙ በአጭሩ «ላ ማታንሳ»፣ ጭፍጨፋው፣ ይባላል።

ወታደሩ ጥፋተኛውን ከንጹሑ የሚለይበት መንገድ አልነበረውም፤ የነባሩን ሕዝብ ልብስ የለበሰ ወይም ናዋት የሚናገር በቂ ተጠርጣሪ ነበር። ስለዚህ ሰዉ ልብሱን ቀየረ፣ አፉንም ዘጋ። የኒኛ አያት ናዋት ያውቁ ነበር፤ ለልጆቻቸው ግን አንድ ቃል አላስተማሩም። ማታ ብቻቸውን ሲሆኑ ለራሳቸው ያንጎራጉሩ ነበር፣ ሰው ሲገባ ዝም ይላሉ። ኒኛ ይህን ሲነግሩኝ ፍንጃሉን በሁለት እጃቸው ይዘው ነበር፤ እኔም የጀበናውን ወሬ ትቼ ዝም አልሁ። ዛሬ ናዋትን አፍ የፈቱበት ሰዎች ጥቂት አዛውንቶች ብቻ ናቸው።

በ1980 ኒኛ የአሥራ ስድስት ዓመት ልጅ ነበሩ። እሑድ እሑድ ሰፈሩ በሙሉ በሬዲዮ የሊቀ ጳጳሱን የኦስካር አርኑልፎ ሮሜሮን ስብከት ይሰማ ነበር፤ በሳምንቱ የተገደሉትንና የደረሱበት የጠፋውን ሰዎች ስም እያነበቡ ስለነበር ብዙ ሰው ስብከቱን የሚጠብቀው የዘመዱን ስም ፈልጎ ነው። ማርች 23 ቀን ወታደሮቹን በእግዚአብሔር ስም መግደል አቁሙ ብለው ተማጸኑ፤ በማግስቱ ማታ በአንድ ሆስፒታል ጸሎት ቤት ቅዳሴ እያሳረጉ ሳለ በጥይት ተገደሉ። በቀብራቸው ቀን ካቴድራሉ ፊት በተሰበሰበው ሕዝብ ላይ ቦምብ ፈንድቶ ተኩስ ተከፍቶ ብዙዎች ሞቱ። ኒኛ በሥራ ቦታ ቁም ሳጥናቸው በር ላይ የሮሜሮን ፎቶ ለጥፈዋል፤ በ2018 ሮም ላይ ቅዱስ ተብለው ሲሰየሙ ሌሊቱን ነቅተው በቴሌቪዥን ተከታትለዋል። እኔም በእኛ አቆጣጠር በ1928 ጣሊያኖች አዲስ አበባ ላይ የረሸኗቸውን የአቡነ ጴጥሮስን ሐውልት በስልኬ አሳየኋቸው። ኒኛም በሰንሰለት የታሰረውን የአቡኑን እጅ በጣታቸው እያሰፉ አዩት።

ከዚያ በኋላ የመጣው የአሥራ ሁለት ዓመት የእርስ በርስ ጦርነት ነው። 75 ሺህ ሰው ገደማ አልቋል። በዲሴምበር 1981 ኤል ሞሶቴ በምትባል መንደርና በዙሪያዋ ወታደሮች ወደ አንድ ሺህ የሚጠጉ ሰላማዊ ሰዎችን ገደሉ፤ ከሟቾቹ ብዙዎቹ ሕፃናት ነበሩ። ልጆቿን ያጣችው ሩፊና አማያ ተደብቃ ተርፋ እስክትሞት ድረስ ያየችውን ስትመሰክር ኖራለች። ሰላሙ የተፈረመው ሜክሲኮ ውስጥ በቻፑልቴፔክ ጃንዋሪ 16 ቀን 1992 ነበር። በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩት ግን በዚያ መካከል ወደ ሰሜን ተሰደዋል፤ በተለይ ከምሥራቅ የኢንቲፑካ ከተማ ሰዎች ወደ ዋሽንግተን መጥተው ማውንት ፕሌዘንት ሰፈር ከተሙ። የእኛም ሰዎች በዚያው ዘመን ከደርግ ሸሽተው መጥተው አዳምስ ሞርጋን ውስጥ፣ ከእነሱ ጥቂት መንገዶች ርቀት ላይ፣ ምግብ ቤት መክፈት ጀመሩ። አርባ ዓመት ያህል በአንድ አውቶቡስ እየተሳፈርን ኖረን፣ አንዳችን የሌላውን ታሪክ አለመጠየቃችን እስካሁን ያሳዝነኛል።

ኒኛ የመጡት በ1999 ነው። በ2001 ጃንዋሪና ፌብሩዋሪ፣ በወር ልዩነት፣ አገራቸውን ሁለት የመሬት መንቀጥቀጦች ሲመቷት የአሜሪካ መንግሥት እዚህ ለነበሩት ጊዜያዊ ከለላ ሰጠ፤ ከዚያ ወዲህ ወረቀታቸውን እያሳደሱ፣ መታደሱ በቀረበ ቁጥር እንቅልፍ እያጡ ይኖራሉ። በዲሴምበር 2022 ያው ከለላ ለኢትዮጵያውያን ሲፈቀድ፣ ወንድሜ ምን ሰነድ ማዘጋጀት እንዳለበት ያስረዱኝ እሳቸው ናቸው። የቤት ኪራይ ደረሰኝ፣ የስልክ ክፍያ፣ የሐኪም ቀጠሮ ወረቀት ሳይቀር እንዳይጣል አሉኝ፤ የራሳቸውን ሃያ ዓመት የሞላ የካርቶን ሳጥን ከአልጋቸው ሥር ስበው አሳዩኝ። በየአሥራ አምስት ቀኑ ለእኅታቸው ገንዘብ ይልካሉ። አገራቸው ከ2001 ጀምሮ የምትገበያየው በዶላር ስለሆነ ምንዛሬ የለበትም፤ ከአገሪቱ ጠቅላላ ምርት ከአምስት አንድ እጅ በላይ የሚሆነው እንዲህ ከውጭ የሚላክ ገንዘብ ነው።

ስለ ወንበዴዎቹም ሳልጠይቃቸው ነገሩኝ። እነዚያ ቡድኖች የተፈጠሩት ሎስ አንጀለስ ውስጥ በስደተኛ ልጆች መካከል ነው፤ በ1990ዎቹ ተጠርዘው ሲላኩ ገና ከጦርነት በወጣች አገር ላይ ወረዱ። የእኅታቸው የገበያ መደብ ለዓመታት «ሬንታ» እየተባለ ግብር ይከፈልበት ነበር፤ ከማርች 2022 ጀምሮ በአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ከ80 ሺህ በላይ ሰው ከታሰረ ወዲህ አይከፍሉም፣ ማታም ይወጣሉ። ከታሰሩት አንዱ ግን ምንም አላጠፋም የሚሉት የጎረቤታቸው ልጅ ነው። ኒኛ ሁለቱንም በአንድ ትንፋሽ ይናገሯቸዋል፤ እኔም አንዱን ይዤ ሌላውን መጣል አልችልም።

ባለፈው ሜይ 3 የመስቀል በዓላቸው ነበር። በእነሱ ዘንድ የዝናቡ ወቅት መግቢያ ነው፤ በባለቀለም ወረቀትና በፍራፍሬ ያጌጠ የእንጨት መስቀል በየግቢው ይቆማል። ኒኛ በአፓርትመንታቸው በረንዳ ላይ ትንሿን አቁመው ማንጎ አንጠልጥለውባት ነበር፤ እኔ ጀበናዬንና ረከቦቴን ይዤ ሄድሁ። የአሥራ ሁለት ዓመቷ የልጅ ልጃቸው ከስልኳ ላይ ናዋት እየተማረች እንደሆነ ነገረችኝ። ሳንቶ ዶሚንጎ ዴ ጉስማን በምትባል ከተማ ቋንቋውን የሚያውቁ አሮጊቶች ሕፃናትን ሰብስበው እያስተማሩ እንደሆነ አንብባ ነው የጀመረችው። አያቷን ስታስጠና አየኋት፤ ኒኛ ቃሉን ሁለት ጊዜ አበላሹት፣ በሦስተኛው ያዙት። በረካውን ቀድቼ ሳቀብላቸው ፍንጃሉን ተቀብለው ወደ ልጅቷ አዩና፣ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው «ፓዲዩሽ» አሉኝ። አመሰግናለሁ ማለት ነው።