ቀለሙን ማን አየው?

ሰሞኑን ሥራ ቀዝቀዝ ብሏል። ማታ ማታ የድሮ የእንግሊዝ ሳይንስ ፊክሽን ተከታታዮችን እያየሁ ነው። ታሪኩን ለመከታተል አይደለም፤ እንጀራዬ ካሜራና መብራት ስለሆነ ዓይኔ ሳልፈልግ ጥላ ሲያሳድድ ያመሻል። አንድ ስም ደጋግሞ ብቅ ይላል፦ ብሬንዳን ስታፎርድ። አየርላንዳዊ ነው። የ«ዘ ፕሪዝነር»ም የ«ዩኤፍኦ»ም ሲኒማቶግራፈር፣ ማለትም የቀረጻና የመብራት ኃላፊ፣ እሱ ነው።

ሰውየው ወደ «ዘ ፕሪዝነር» የመጣው ዘግይቶ ነው። ከዚያ በፊት ትናንሽ ፊልሞች ቀርጿል፣ አንዳንዶቹን ራሱ ዳይሬክት አድርጓል፣ ቀጥሎ ደግሞ ፓትሪክ ማክጉሃን የሚተውንበትን የስለላ ተከታታይ «ዴንጀር ማን»ን በጥቁርና ነጭ ሲቀርጽ ዓመታት አሳልፏል። ማክጉሃን ያንን በቃኝ ብሎ «ዘ ፕሪዝነር»ን ሲጀምር አብረውት ከሄዱት አንዱ ስታፎርድ ነበር። ሙያችን እንዲህ ነው መቼም። ማስታወቂያ አይቶ የሚቀጠር የለም፤ ትናንት አብሮህ የደከመ ሰው ነው ነገ የሚደውልልህ።

የ«ዘ ፕሪዝነር» ቀረጻ በፈረንጆቹ ሴፕቴምበር 1966 ዌልስ ውስጥ ፖርትሜሪዮን በምትባል መንደር ተጀመረ። አርክቴክቷ ክላፍ ዊሊያምስ-ኤሊስ ጣልያን ጣልያን እንድትሸት አድርጎ የሠራት፣ ግድግዳዋ በቀለም ያበደ መንደር ናት። በታሪኩ ሥራውን የለቀቀ ሰላይ ራሱን ስቶ ሲነቃ እዚያ ነው ያለው፤ ስሙ ቀርቶ «ቁጥር 6» ሆኗል።

የሚገርመው፣ ያ ሁሉ ቀለም በ35 ሚሊ ሜትር ባለቀለም ፊልም ተቀርጾ በ1967 መጨረሻ ሲተላለፍ የእንግሊዝ ተመልካች ያየው በጥቁርና ነጭ ነው። ተከታታዩን ያስተላለፈው የእንግሊዝ ጣቢያ አይቲቪ ወደ ቀለም የገባው በኖቬምበር 1969 ነው። ታዲያ ለማን ተደከመ? ለአሜሪካ። ገንዘቡን ያወጣው ሉ ግሬድ ሥራውን እዚያ መሸጥ ፈልጓል፣ የአሜሪካ ትልልቅ ጣቢያዎች ደግሞ ያኔ ፊታቸውን ወደ ቀለም አዙረው ነበር። ሲቢኤስ በ1968 ክረምት አሳየው። (በእንግሊዞቹ ለመሳቅ አፍ የለኝም። እኛ ዘንድ ቴሌቪዥን በፈረንጆቹ 1964 ተጀምሮ ቀለም እስኪመጣ 20 ዓመት ጠብቀናል።)

ለካሜራ ባለሙያ ይኼ ቀላል ነገር አይደለም። ቀይ ልብስ አረንጓዴ ግድግዳ ፊት ቢቆም በቀለም ጎልቶ ይታያል፤ በጥቁርና ነጭ ግን ሁለቱም አንድ ዓይነት ግራጫ ሆነው ሰውየው ግድግዳው ውስጥ ሊጠፋ ይችላል። ስለዚህ ቀለሙ ላይ ብቻ መተማመን አይቻልም፣ ሰውን ከጀርባው የሚለየው ብርሃኑ መሆን አለበት። ትናንት ቀለሙን ከቴሌቪዥኑ ላይ ሙሉ በሙሉ አጥፍቼ አንድ ክፍል አየሁ። ምንም አልጎደለም! ትከሻው ላይ የምታርፈው ቀጭን ብርሃን፣ ከጎን የሚመጣው ጥላ፣ ሁሉም ቦታው ላይ ነው። የዴንጀር ማን ዓመታት እጁ ላይ አሉ ማለት ነው።

ሌላው ያስደነቀኝ ያ ጉልላት ያለው ክብ ክፍል ነው። አንዴ የመንደሯ አለቃ የ«ቁጥር 2» ቢሮ ነው፣ አንዴ የመቆጣጠሪያ ክፍል። ቦታው ግን ያው አንድ የስቱዲዮ ግንባታ ነው፤ ዕቃው ይቀየራል፣ መብራቱ ይቀየራል፣ አለቀ። እኔ አንድ ፕሮዲዩሰር «መብራት ምን ያደርጋል፣ ዝም ብለህ ቅረጽ» ባለኝ ቀን ይህን ባሳየው ኖሮ። አይሰማም እንጂ።

«ዩኤፍኦ» ደግሞ ሌላ ራስ ምታት ነው። ጄሪ እና ሲልቪያ አንደርሰን ከአሻንጉሊት ተከታታዮች ወጥተው በሰው የሠሩት የመጀመሪያ የቴሌቪዥን ተከታታይ ነው። ምድርን ከባዕድ መንኮራኩሮች ስለሚከላከሉ ሰዎች ነው፤ 26 ክፍል አለው። መሃል ላይ ቦርሃምውድ የነበረው የኤምጂኤም ስቱዲዮ ስለተዘጋ ወደ ፓይንውድ ተዛወሩ። ጨረቃ ላይ ባለው ጣቢያቸው የሚሠሩት ሴቶች የብር ቀለም ያለው የሚያብለጨልጭ ልብስና ወይን ጠጅ ዊግ ለብሰዋል። የሚያብለጨልጭ ልብስ የሞከረ ያውቀዋል፤ እያንዳንዷ መብራት ተመልሳ ሌንስህ ውስጥ ትገባለች። መንኮራኩሮቹን በሞዴል የሚቀርጸው የዴሪክ ሜዲንግስ ቡድን ነበር፣ ለብቻው። ትንሿ ሞዴል ከባድ እንድትመስል በሰከንድ ከወትሮው ብዙ ምስል እየቀረጹ በዝግታ ያሳዩዋታል። ከዚያ የእሱ ቀረጻና የስታፎርድ ተዋናዮች ኤዲቲንግ ላይ ጎን ለጎን ይቀመጣሉ፣ አንድ ዓለም መምሰልም አለባቸው። ብዙ ጊዜ ይመስላሉ። ታሪኩ ግን፣ እውነቱን ለመናገር፣ አንዳንዱ ያስተኛል።

ሁለተኛ ዙር ታቅዶ ነበር፤ ሐሳቡ ተለዋውጦ «ስፔስ 1999» ሆነ። እዚያ ካሜራው ወደ ፍራንክ ዋትስ እጅ ገባ። 48 ክፍል ነው። ሥራ ካልተገኘ ከሰኞ ጀምሮ እሱን እይዛለሁ።