ስምንት ቁልፍ

አባዬ ዓይኑ ስለደከመ ከፊልም ሥር የሚሮጥ ጽሑፍ ያናድደዋል። ቅዳሜ ማታ ድምፅ አልባ ፊልም ከፈትኩለት፤ በ1924 እ.ኤ.አ. ጀርመን ውስጥ የተሠራውን የዳይሬክተር ሙርናውን «የመጨረሻው ሰው»።

ተዋናዩ ኤሚል ያኒንግስ የትልቅ ሆቴል በር ከፋች ነው። በደንብ ልብስ ካፖርቱ ምክንያት የድሃ ሰፈሩ ሰው ሁሉ እንደ ጄኔራል ሰላም ይለዋል። አንድ ቀን በዝናብ ከባድ ሻንጣ አውርዶ፣ ደክሞት ቁጭ ሲል አለቃው ያየዋል። ወደ መጸዳጃ ቤት ይወርዳል፤ ሥራው ፎጣ ማቀበል ይሆናል። ካፖርቱን ሲያስወልቁት አንድ ቁልፍ ተበጥሶ ይወድቃል። (በአማርኛ የበሩም የካፖርቱም ቁልፍ ስማቸው አንድ ነው፤ ጀርመኖቹ ይህን አልታደሉም።)

«በወገቡ አነሳው» አለ አባዬ። «ሻንጣ በጉልበት ነው የሚነሳው።»

አባዬም አዲስ አበባ ውስጥ 22 ዓመት የሆቴል በር ከፍቷል። ካፖርቱን እዚያው ሰቅሎ መውጣት ነበረበት፤ እሱ ግን «ብርድ ነው» እያለ በግንቦትም ለብሶት ይመጣል። ሰፈር ውስጥ «ሻምበል» ይሉት ነበር። አላረማቸውም። እኔም አራተኛ ክፍል ስመዘገብ የአባት ሥራ ሲሉኝ «ወታደር» ብያለሁ። ይህን እስከ ዛሬ አልነገርኩትም።

ፊልሙ ውስጥ ሰውዬው ካፖርቱን ሰርቆ፣ እንዳልተሻረ ሆኖ ሰፈሩ ይገባል። በማግስቱ አንዲት ዘመድ ምግብ ቋጥራ ሆቴሉ ትመጣና መጸዳጃ ቤት ታገኘዋለች። ማታ ግቢው በሙሉ ይስቅበታል። አባዬ እዚህ ጋ አስቆመኝ።

«እናትህ ምሳ ይዛልኝ መጥታ አታውቅም። እኔ ነኝ አትምጪ ያልኳት።»

«ለምን?»

«ሻንጣ ተሸክሜ እንዳታየኝ።»

መጨረሻ ላይ ሰውዬው ድንገት ውርስ ያገኛል። ከዚያ በፊት ደራሲው አዝኖለት እንደሆነ የሚናገር ጽሑፍ ይመጣል፤ አነበብኩለት። ለእኔ ፊልሙን ያበላሸው ይህ ነው። አባዬ ግን ሰውዬው ለፎጣ አቀባዩ ጉርሻ ሲሰጥ ጉልበቱን እየመታ ሳቀ።

«የአንተስ ካፖርት የት ደረሰ?» አልኩት።

«ጡረታ የወጣሁ ቀን ቁልፉን ቆጥረው ተረከቡኝ። ስምንት መሆን ነበረበት፣ ሰባት ሆነ። የአንዱን ሂሳብ ቆረጡብኝ።»

ሪሞቱን ተቀበለኝና ሻንጣው ወደሚወርድበት ቦታ መለሰው።